የነፊሳ በር

ባለፈው ሰሞን ስልኬ ድምፅ አላወጣም ብሎኝ ፈረስ መጋላ ስልክ ወደምትጠግን አንዲት ልጅ ሄድኩ። ረምላ ትባላለች። ሱቋ ከእኔ የዱሮ ቁምሳጥን ብዙም አትሰፋ፤ ግድግዳው ሁሉ ሽቦና የተፈታታ ዕቃ ነው። «እማማ ጥሩ፣ ቁጭ ይበሉ፣ ይቺን ልጨርስና» አለችኝና የአንዱን ባጃጅ ነጂ ስልክ ገልብጣ ትጎረጉራለች። እኔም በርጩማው ላይ ተቀምጬ፣ የሚኒባስ ረዳቶቹን «ድሬ! ድሬ! አንድ ሰው!» እየሰማሁ አደባባዩን ስቃኝ፣ ከኋላዬ አንድ ዜማ መጣ። ቲን ቲን፣ ቲሪሪን፣ ቲን። ጆሮዬ ከእኔ ቀድሞ አወቀው፤ አውራ ጣቶቼ ጉልበቴ ላይ ሆነው መዝለል ጀመሩ። ብቻ አንድ ነገር አልጥምሽ አለኝ፤ ዜማው ይቸኩላል። «ሰው ከኋላው የሚያባርረው ይመስል ይሮጣል» አልኩ በልቤ። እንዲህ ማለቴ ራሴን አስደነገጠኝ። ቃሉ የእኔ አይደለማ! ነፊሳ ከሃያ ዓመት በፊት የነገረችኝ ቃል ነው፤ ያን ጊዜ ደግሞ በሰው ፊት የሳቅኩበት።

ያን ጊዜ እኔ መኪና ግርግር የስፌት ማሽን ቦታ ነበረኝ። ጁገል፣ በግንብ የታጠረው የሐረሪዎች ከተማ ውስጥ የገባ ሁሉ ያውቀዋል፤ ከአደባባዩ ወደ ውስጥ ሲወርዱ በሁለቱም በኩል ሰፊዎች የተደረደሩበት፣ ማሽኖቹ ሁሉ ባንድ ላይ ሲጮሁ ንብ የሰፈረበት ግንድ የሚመስል ጠባብ መንገድ ነው። አብዛኞቹ ወንዶች ነበሩ፤ እኔ ከአክስቴ የወረስኩትን የእግር ማሽን ይዤ መሀላቸው ተሰካሁ። ስፌት ያስተማረኝ ሰው የለም። አሮጌ ቀሚስ እተረትርና እንዴት እንደተገጠመ አይቼ መልሼ እገጥማለሁ፤ በቃ ትምህርቴ ይኸው ነው። ማንበብም እንደዚያው፣ ጨርቅ በተጠቀለለበት ጋዜጣ። ሳምቡሳ በሃያ አምስት ሳንቲም ይገዛ ነበር፤ በአንድ ብር አራት ሰው ይጋበዛል። ሴቱ ሁሉ ከጅቡቲ የመጣ ስስ ጨርቅ ያበደለት ዘመን ነበር፤ አበባው የጎላ፣ ሲታጠብ የማይጨማደድ፣ በፀሐይ ግን ሰውነት ላይ እንደ ላስቲክ የሚጣበቅ። ዛሬ ሁሉም ተሰፍቶ ያለቀ ይገዛል። እኔም ማሽኑን ቤት ወስጄ የልጅ ልጆቼን ሱሪ ማሳጠሪያ አድርጌዋለሁ።

ነፊሳ አንድ ቀን እንዲህ ያለ ጨርቅ በክንዷ ጣል አድርጋ መጣች። ቀጭን፣ ፈጣን፣ ዓይኗ ሲስቅ አፏ የማይስቅ ሴት ነበረች። «አንቺ ነሽ ሴቷ ሰፊ? እንግዲያው ብብቱ ላይ እንዳያንቀኝ አድርጊ፤ ወንዶቹ ክንድ ያለን አይመስላቸውም» አለችኝ። ከዚያ ወዲያ ጓደኛሞች ሆንን። የእኛ ቤት ከግንቡ ውጭ ነው፣ የእነሱ ከግንቡ ውስጥ፣ ነጭ በተቀባ ቀጭን መተላለፊያ መጨረሻ። እኛ ጥምቀት እንጠራቸዋለን፣ እነሱ ረመዳን ማታ ሾርባውን ይልኩልናል። በሰፈሩ ነፊሳ የምትታወቀው በአንድ ነገር ነበር፤ በቃሏ። ሁለት ሴቶች ተጣልተው «አላልኩም፣ ብለሻል» ሲባባሉ፣ «ነፊሳ ነበረች፣ እሷ ትናገር» ይባላል። እሷ ከተናገረች ክርክር የለም። ወላሂ ለማለት የማትቸኩል ሴት ናት፤ ካለች ደግሞ አለቀ።

ያ ዜማ የሚወጣበትን ቲቪ ጌም የላከው ጅዳ ያለው ወንድሟ ነው፣ ለልጆቿ። ግራጫ ሳጥን፣ ሁለት ባለገመድ መጫወቻ፣ አንዲት ካሴት። ካሴቷ ውስጥ ያለው ትንሽ ሰውዬ ነበር፤ ሰማያዊ ኮፍያ፣ ከትከሻው የማይወርድ ቦርሳ። በጣሪያ በጣሪያ እየዘለለ፣ ግንብ እየወጣ፣ ውሻና እባብ እያለፈ ደብዳቤ ያደርሳል። «ፖስተኛው» አልነው። አምስት ቦታ ማለፍ አለበት፤ የሰፈሩ ልጆች አምስቱን በጁገል በሮች ስም ሰየሟቸው። ስለዚህ «ዛሬ የት ደረስክ?» ስትባል «ሰንጋ በር ውሻው በላኝ» ትላለህ። ሦስት ነፍስ አለው፤ ሦስቱም ካለቁ እንደገና ከመጀመሪያው፣ ከሸዋ በር።

የሐረሪ ቤት ገብቶ ለማያውቅ ልንገር። ወንበር የለም፤ ቤቱ ራሱ መቀመጫ ነው። ቀይ የተቀባ፣ ምንጣፍ የለበሰ ከፍታ አለ፣ ነደባ ይሉታል፤ አንዱ ካንዱ ከፍ ይላል፣ ማን የት እንደሚቀመጥም የታወቀ ነው። ከፍተኛው የአባወራውና የክቡር እንግዳ ነው፤ በሩ አጠገብ ያለው ዝቅተኛው ደግሞ ብዙ የማይቆይ ሰው የሚያርፍበት። ልጆቹ ታዲያ አባታቸው ሱቅ ሲሆን የራሳቸውን ሕግ አወጡ፤ ርቆ የሄደ ከፍተኛው ላይ ይቀመጣል፣ ሸዋ በር የሚሞት በሩ አጠገብ።

እኛስ? ከምሳ በኋላ ፀሐዩ ሲበረታ፣ ሱቁ ሁሉ ሲዘጋ፣ ልጆቹ ትምህርት ቤት ሲሆኑ፣ እኔ የቀሚስ ጠርዝ በእጅ ልሰፋ ነፊሳ ቤት እሄዳለሁ። «እስቲ አንድ ጊዜ» አለች አንድ ቀን። ያቺ አንድ ጊዜ ስንት ቀሚስ አስቀረችብኝ! የሁለት ልጆች እናቶች፣ እግራችንን አጣጥፈን፣ ፖስተኛው ሲወድቅ «ውይ!» ብለን ባንድ ላይ እየጮህን። ጎረቤት ሰው የሞተ መስሎት መጥቶ ያውቃል። ደንበኞቼ «የታለ ልብሴ?» ሲሉኝ «መብራት ጠፍቶ ነው» እላለሁ፤ ማሽኔ የእግር መሆኑን ረስቼ።

መጀመሪያ የጨረስኩት እኔ ነኝ። ጉራ አይደለም፤ ስፌት ጣትን ያፈጥናል፣ መርፌ የለመደ እጅ ጊዜውን አይስትም። ፖስተኛው አምስተኛውን በር አልፎ፣ ኮረብታ ላይ ያለች አንዲት ብቸኛ ቤት ደረሰ። አንኳኳ። ጠበቀ። በሩ አልተከፈተም። ደብዳቤውን ደፉ ላይ አኖረና ጀርባውን ሰጥቶ ወደመጣበት ሄደ፤ ዜማው ቀስ እያለ ጠፋ። ሌላ ምንም የለም። እኔ ማልቀስ! ለዚህ ነው ያ ሁሉ ውሻ? ነፊሳ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኔን ጠርጋ፣ ብብቴን ይዛ ከፍተኛው ነደባ ላይ አስቀመጠችኝ። «በይ፣ ዛሬ የቤቱ ጌታ አንቺ ነሽ» አለችኝ። በማግስቱ ለሰፊዎቹ ሁሉ ነገርኩ፤ በሩ እንዴት እንዳልተከፈተ በእጄ እያሳየሁ። ልጆች ሳይቀሩ «እትዬ ጥሩ፣ መጨረሻውን ንገሪን» ይሉኛል። በሕይወቴ ከሰው ቀድሜ ያወቅሁት ነገር ቢኖር እሱ ነበር።

ከዚያ የነፊሳ ታናሽ እህት ድሬዳዋ ወለደች። ነፊሳ አራስ ልትጠይቅ ሄዳ አርባ ቀን ቆየች። እህቷም ቤት ፖስተኛው ነበር፤ እሱ ግን በጅቡቲ መርከብ የገባ ነው። ነፊሳ ስትመለስ ሻንጣዋን ሳታወርድ ማሽኔ ጋ መጣች።

«ጥሩዬ! በሩ ይከፈታል!»

«የትኛው በር?»

«የፖስተኛው! ጨረስኩት እኮ። አሮጊት ትወጣለች። ደብዳቤውን በሁለት እጇ ተቀብላ ጎንበስ ትላለች። አንድ ነገርም ትናገራለች፤ ከታች ይጻፋል፣ ግን ፊደሉ እንደ ጭራሮ ክምር ነው፣ ማን ያነበዋል?»

ሳቅኩ። «ህልም አይተሻል አቦ። ድሬ ሙቀቱ ያቃዣል።»

«ወላሂ እልሻለሁ! ቲቪውንም ሞልቶት ነው የሚታየው፤ እኛ ቤት ከላይም ከታችም ያለው ጥቁር እዚያ የለም። ዜማውም እዚያ ሰው ከኋላው የሚያባርረው ይመስል ይሮጣል።»

አጠገቤ ያሉት ሰፊዎች ማሽናቸውን አቁመው ይሰማሉ። እኔ ስንት ቀን በሩ አይከፈትም ብዬ ያወራሁት ሰዎች ናቸው። እውነቱን ልናገር፤ ያሳዘነኝ አሮጊቷ መውጣቷ አልነበረም። ለእኔ ያልወጣች ለነፊሳ መውጣቷ ነበር። «እንግዲያው አሳዪን» አልኩ፣ ሁሉም እንዲሰማኝ ድምፄን ከፍ አድርጌ።

እሑድ ከሰዓት በኋላ ነፊሳ ቤት ሰው ሞላ፤ ልጆች፣ የልጆች እናቶች፣ ሁለት ሰፊዎችም መጡ። ለቀልድ ነበር የመጡት። ነፊሳ መጫወቻውን ያዘች። እናም ይገርማችኋል፣ መጫወት ጠፋባት! ከአርባ ቀን በፊት ዓይኗን ጨፍና የምታልፈው የሸዋ በር ጉድጓድ ውስጥ ገባች። ጉድጓዱ አፍ ሳይደርስ ትዘላለች፣ ሰውዬው መሀል ይወድቃል። «ምነው ይሄ ተጎተተ?» ትላለች። «ይቺ ናት የጨረሰችው?» አለ አንዱ። እኔም ለብቻዬ ደመደምኩ፤ የጨረሰ ሰው እንዲህ አይወድቅም። ስንት ጊዜ እንደገና ጀመረች፣ እጇ እየተመለሰ መጣ፣ አምስተኛውን በር አለፈች። ፖስተኛው አንኳኳ። ጠበቀ። ነፊሳ ከተቀመጠችበት ወደ ቲቪው እየተንሸራተተች ቀረበች። በሩ አልተከፈተም። ሰውዬው ደብዳቤውን አኑሮ ሄደ።

«እዚያ ተከፍቷል» አለች። ድምፏ ወርዷል። «ወላሂ፣ ቢላሂ፣ ተከፍቷል።»

ያን ጊዜ ዝም ብል ኖሮ! ወይም ስቄ «በሉ ሻይ እንጠጣ» ብል። እኔ ግን ከፍተኛው ነደባ ላይ እንደተቀመጥኩ «ነፊሳ» አልኩ፣ «ለጨዋታ ብለሽ የአላህን ስም ጠራሽ?»

ማንም አልሳቀም። ክርስቲያኗ እኔ ነኝ እንግዲህ፣ በቤቷ፣ በልጆቿ ፊት፣ በመሐላዋ የገባሁት። ነፊሳ ገመዱን ቀስ ብላ ጠቀለለችው። «ሻይ ላምጣ» አለችና ተነሳች፤ ሻዩንም አመጣች፤ ለእኔም ቀዳችልኝ። ከዚያ ቀን በኋላ ግን እዚያ ቤት አልተቀመጥኩም።

ክፉው ነገር አላበቃም። በሳምንቱ አንድ ደንበኛ ልብሱን ለነገ ጨርሺ ሲለኝ፣ ሌላው ሰፊ «ነገ ትላለች፣ የነፊሳ በር ነው» ብሎ ቀለደ፤ እኔም ሳቅኩ። የእኔ ሳቅ ፈቃድ ሆነ። ቃሉ ከመኪና ግርግር ወጥቶ አደባባይ ደረሰ። ነገ ይመጣል የተባለ ውሃ ሳይመጣ ሲቀር «የነፊሳ በር»፤ አገባሻለሁ ብሎ የጠፋ «የነፊሳ በር»። ማን ነፊሳ፣ ምን በር እንደሆነ የማያውቅ ሁሉ ይለዋል። የተጣሉ ሴቶች ሲካሰሱ «ነፊሳ ትናገር» የሚል ጠፋ። እሷም ወላሂ ማለት ተወች፤ ልጇ የሌላ ልጅ መታ ሲሏት እንኳ «እናንተ እንዳያችሁት» ብላ ታልፋለች አሉ።

እኔን አልዘለፈችኝም። ጨርቋን ክንዷ ላይ ጣል አድርጋ መንገዱን ትወርዳለች፣ እኔ ጋ ስትደርስ «እንደምን ዋልሽ፣ ልጆች ደህና ናቸው?» ትላለች፣ ከእኔ ሦስተኛው ማሽን ላለው ሰፊ ሰጥታ ትመለሳለች። ብብቷ ላይ ሲያንቃት ከሩቅ አየዋለሁ። ስንት የዒድ ቀሚስ እንዲህ ታንቃ ለበሰች! እኔ ይቅርታ አልጠይቅ፤ ምን ብዬ? በዓይኔ አይቻለሁ፣ ሰው ሁሉ አይቷል፣ በሩ አልተከፈተም። እውነት ከእኔ ጋር ነበረች፤ ጓደኛዬ ግን አልነበረችም። ዓመቱ እንዲሁ ሄደ። ሰማያዊና ነጭ ታክሲዎቹ ቀነሱ፣ ባጃጅ መንገዱን ሞላው፣ ሳምቡሳው በሳንቲም መሸጡ ቀረ፣ ጌም ቤት በየሰፈሩ ተከፍቶ ተዘጋ፣ ልጆች ሁሉ ስልካቸው ላይ አቀረቀሩ። ፖስተኛውን የሚያስታውስ ጠፋ። «የነፊሳ በር» ግን እስከ ዛሬ አለ።

እና ረምላ ሱቅ ዞር ስል፣ ትንሽ ቲቪ ላይ ፖስተኛው ይሮጣል። ቲቪውን ሞልቶት። ጥቁሩ የለም።

«ረምላ፣ ይሄ ምንድን ነው?»

«የዱሮ ጌም ነው እማማ። ይቺ ሳጥን ስንቱን ባንድ ላይ ይዛለች። ያውቁታል እንዴ?» ሳቀች።

«ይቸኩላል። ምን አድርገሽው ነው?»

ቀና ብላ አየችኝ። «ኧረ እርስዎ ባለሙያ ነዎት! ይሄ የጃፓኑ ነው። እርስዎ ያዩት ለአውሮፓ የተሠራውን ይሆናል። የእነሱ ቲቪ ሥዕሉን ቀስ ብሎ ስለሚቀያይር ጨዋታውም ዜማውም ይጎተታል፤ ከላይና ከታች ጥቁር ይተርፋል። ባንድ ስም፣ ባንድ ሥዕል ይወጣና ለየአገሩ እየለዋወጡ ነው የሚሸጡት።»

«መጨረሻውስ?»

«እሱንም ይለውጣሉ። ሲተረጉሙ ጽሑፉ አልገባ ካላቸው ወይ ከሰለቻቸው ቆርጠው ይጥሉታል። ለምን፣ ላሳይዎት?»

«አታሳዪኝ» አልኳት። ብቻዬን ማየት አልፈለግሁም።

እዚያው በርጩማ ላይ ተቀምጬ ያሰብኩትን ማንም ሰፊ ያውቀዋል። ከገጠር፣ ከሶፊ ለሚመጡ ሴቶች ቀሚስ ስቆርጥ ከታች ሰፋ አደርጋለሁ፣ ማሳ ውስጥ ይራመዱበታል፣ ዳገት ይወጡበታል። ያንኑ ቀሚስ ለከተማ ሴት ስቆርጥ አጠበዋለሁ፣ እጅጌውን አሳጥራለሁ። ጨርቁ አንድ፣ አበባው አንድ፣ ሰፊዋም አንድ። የሶፊዋ «የእኔ ቀሚስ ሰፊ ነው» ብትል፣ የከተማዋ «ዋሸሽ» ትላታለች? በእጄ ስንት ሺህ ጊዜ የሠራሁትን ነገር ሌላ ሰው ሊሠራው እንደሚችል አልታየኝም። ነፊሳም ያን ቀን ቀድማ የዘለለችው እጇ የሚቸኩለውን ስለለመደ ነው። ያንን ነው እኔ የውሸቷ ማስረጃ ያደረግሁት። ለነገሩ ሁሉንም ነግራኝ ነበር፤ ጥቁሩን፣ ዜማውን፣ ሁሉንም።

ረምላ ሳጥኗን አዋሰችኝ። ሁልጊዜ ከመጨረሻው በር እንዲጀምር አድርጋ፣ የቱን እንደምጫን አሳየችኝ።

ነፊሳን ብቻዋን አግኝቼ ብነግራት ይቀለኝ ነበር። ግን የተናገርኩት ሰው በተሰበሰበበት ነው። ስለዚህ የነፊሳ ታናሽ ልጅ ሰርግ ሲደርስ፣ የአፎቻ ማኅበራቸው ሴቶች፣ በሰርግም በሐዘንም የሚረዳዱት፣ እሷ ቤት ለዝግጅት እንደሚሰበሰቡ ሰምቼ ጠበቅሁ። በቀትር ገባሁ። ነደባው ያው ቀዩ ነው፤ ቲቪው ብቻ ስስ ሆኗል። ነፊሳ መነጽር አድርጋለች፣ ሽንኩርት ትከትፋለች። እኔን ስታይ «ግቢ» አለች፣ ትንሽ ደንገጥ ብላ። ሴቶቹ ወደ ላይኛው ሊያሳልፉኝ ተነሱ፤ እምቢ ብዬ በሩ አጠገብ ካለው ዝቅተኛው ተቀመጥኩ።

«ሴቶች» አልኩ፣ «በሩ ይከፈታል። ይቺ ቤት ውስጥ፣ በእናንተ ፊት፣ ነፊሳን በመሐላዋ ያሳፈርኳት እኔ ነኝ። እሷ ያየችው ሌላ አገር የተሠራውን ነበር። እውነት ነው የማለችው።» ሳጥኗን ከከረጢት አወጣሁ። አንዷ ወጣት «የምን በር?» ስትል፣ ጎኗ ያሉት አሮጊት «ዝም በይ፣ የነፊሳ በር ነው» አሏት። የነፊሳ ቢላዋ ቆሟል።

ላሳያቸው መጫወቻውን ያዝኩ። ዜማው ሲሮጥ እኔ የዱሮውን እየጠበቅሁ፣ ጉድጓዱ ውስጥ ገባሁ። እንደገና፤ ውሻው በላኝ። እንደገና፤ ጉድጓድ። ሦስቱም ነፍስ አለቀ። ሴቶቹ በሳቅ ሞቱ። «ቀድማ የጨረሰችው ይቺ ናት?» አሉ አሮጊቷ።

ነፊሳ እጇን በሽርጧ ጠርጋ መጣችና አጠገቤ፣ ዝቅተኛው ላይ ተቀመጠች። «ስጪኝ አቦ። ገደልሽው።»

መነጽሯን ወደ አፍንጫዋ ገፋች። ጣቶቿ አብጠዋል፣ አንዱ አይታጠፍላትም። ግን ጊዜውን አልሳተችም፤ ጉድጓዱን አለፈች፣ ውሻውን አለፈች፣ ኮረብታውን ወጣች። ፖስተኛው አንኳኳ። ጠበቀ። እኔ የነፊሳን ጉልበት ይዤ እንደነበር ያወቅሁት በኋላ ነው። በሩ ተከፈተ። ጎንበስ ያለች አሮጊት ወጣች፣ ደብዳቤውን በሁለት እጇ ተቀበለች፤ ከታች ያ የጭራሮ ክምር የመሰለ ጽሑፍ ተደረደረ። ቤቱ በእልልታ ተናወጠ።

«ምን እያለችው ነው?» አለች ወጣቷ።

ነፊሳ ዓይኗን ከቲቪው አልነቀለችም። «‹ምን አዘገየህ?› ነው የምትለው» አለች።

ከዚያ መጫወቻውን ጭኔ ላይ አኖረችልኝ። «በይ ያዢ። አሁን ደግሞ ቀደም ብለሽ ዝለዪ።»